ከአዲስ አበባ እስከ ካን፦ ከካሜራ ፊትም ከኋላም የሠራው ኒኮ ፓፓታኪስ ማነው?

በ1963 በካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ ፈረንሳይን ወክለው ከቀረቡት ፊልሞች አንዱን የሠራው ሰው የተወለደው አዲስ አበባ ነው። እናቱ ኢትዮጵያዊት፣ አባቱ ግሪካዊ። ስሙ ኒኮ ፓፓታኪስ ይባላል። ግሪኮቹ ኒኮስ ይሉታል።

ልብ በሉ፣ የያሬድ ዘለቀ "ላምብ" ካን ገብቶ "የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም" ተብሎ ሁላችንም ደስ ያለን በ2015 ነው። ያ እውነት ነው፣ ማንም አይቀማውም። ግን ከዚያ 52 ዓመት ቀደም ብሎ የአዲስ አበባ ልጅ በዚያው ፌስቲቫል ላይ አዳራሽ ሲያናውጥ ነበር። ፊልሙ የፈረንሳይ ስለነበር ከእኛ መዝገብ ወጣ። ግሪካዊ ስም ስላለው ደግሞ ጭራሽ ተረሳ።

ከመቀጠላችን በፊት አንድ ነገር፦ እዚህ የምንጠቅሳቸው ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። የእኛ ሲሆን ዓ.ም ብለን እንጽፋለን። ደግሞ "ጉማ" የሚለውን የአማርኛ ፊልም የሠራው ሚሼል ፓፓታኪስ ሌላ ሰው ነው። የስማቸው መመሳሰል ብዙ ሰው ያሳስታልና ከአሁኑ ለይተን እንያዛቸው።

ስለ ፈረንሳይ ሲኒማ ሐይቅና አምባሰል ላይ ቁጭ ብላችሁ ለምን ትጽፋላችሁ የሚል ይኖራል። ምክንያታችን ቀላል ነው። ሐይቁ ዳር ቅዳሜና እሁድ ብትወርዱ ስልክ ደግነው ክሊፕ የሚቀርጹ ወጣቶች አታጡም። አብዛኞቹን "ምን መሆን ትፈልጋላችሁ?" ብትሏቸው መልሱ አንድ ነው፤ አክተር። ወይ ዘፋኝ። ፊት መሆን ነው የሚፈለገው። ያንን ክሊፕ የሚያቅደው፣ ቦታውን የሚፈልገው፣ ብሩን የሚያሟላው፣ ሰዉን የሚሰበስበው ልጅ ግን ሥራው ስም እንኳ የለው። የኒኮ ታሪክ በአብዛኛው የእነዚህ ስም የለሽ ሥራዎች ታሪክ ነው።

ከጦርነቱ እንጀምር። ኒኮ የተወለደው በ1918 ነው። ልጅነቱ በኢትዮጵያና በግሪክ መካከል የተከፈለ ነበር። በ1935 ጣሊያን ሲወረን ገና 17 ዓመቱ ነው፤ ከአፄ ኃይለ ሥላሴ ጦር ጋር ተሰለፈ።

ይህ ጦርነት ለእኛ አካባቢ የመጽሐፍ ታሪክ ብቻ አይደለም። የነገሩ ሥር ራሱ እዚህ አምባሰል ውስጥ ነው፤ ውጫሌ። ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም የተፈረመው ውል 17ኛው አንቀጽ በአማርኛ አንድ ነገር፣ በጣሊያንኛ ሌላ ነገር ይል ነበር። ያ ልዩነት ዓድዋን ወለደ፣ የዓድዋ ቂም ደግሞ ጣሊያንን ከ40 ዓመት በኋላ መልሶ አመጣት። በታኅሣሥ 1935 ንጉሠ ነገሥቱ ጠቅላይ ሠፈራቸውን ያደረጉባት ደሴ በአውሮፕላን ተደበደበች። ከሐይቅ ደሴ ስንት ደቂቃ እንደሆነ ታውቁታላችሁ።

አገሪቱ ስትያዝ ኒኮ ተሰደደ። መጀመሪያ ሊባኖስ፣ ከዚያ ግሪክ፣ በመጨረሻ በ1939 ፓሪስ። እንግዲህ አስቡት፤ ገና 21 ዓመቱ ነው፣ አገሩ በጣሊያን ተይዛለች፣ እሱ ፓሪስ ገባ ሲባል ጀርመን ደግሞ ፓሪስን ልትይዝ አንድ ዓመት አልቀራትም።

ፊልም ውስጥ የገባው በትልቅ በር አይደለም። በኤክስትራነት ነው የጀመረው። ኤክስትራ ማለት ካፌ ትዕይንት ላይ ከኋላ ቡና የሚጠጣው፣ ገበያ ውስጥ የሚያልፈው፣ ቃል ሳይናገር "ሕዝብ" የሚሆነው ሰው ነው። ክፍያው ትንሽ ነው፣ ስም አይጻፍም። ግን አንድ ትልቅ ጥቅም አለው፤ ሙሉ ቀን የቀረጻ ቦታ ላይ ቆመህ ሌላው እንዴት እንደሚሠራ በነፃ ታያለህ። በዚያው ጊዜ ፓሪስ ካፌዎች ውስጥ ከጸሐፊዎቹና ከገጣሚዎቹ ጋር ተዋወቀ። ዣን ፖል ሳርትር፣ ዣክ ፕሬቬር፣ ዣን ዠኔ። ያኔ አንዳንዶቹ እንደዛሬው ትልልቅ ስሞች አልነበሩም።

ከጦርነቱ በኋላ ነው ነገሩ የሚጣፍጠው። በ1947 ኒኮ ሳን ዠርማን በሚባለው የፓሪስ ሠፈር "ላ ሮዝ ሩዥ" የተባለውን ካባሬ መምራት ጀመረ። ትርጉሙ "ቀይ ጽጌረዳ" ነው። ካባሬ ምንድነው? ለወሎ ሰው ማስረዳት አይከብድም፤ አዝማሪ ቤትን አስቡ። ሰው ይበላል፣ ይጠጣል፣ መድረክ ላይ ደግሞ ዘፈን፣ ግጥም፣ ቀልድ፣ አጫጭር ተውኔት ይቀርባል። አዝማሪ ቤት ውስጥ ማሲንቆ የያዘው ሰው ነው የሚታወሰው። ቤቱን የከፈተው፣ ማን መቼ እንደሚወጣ የሚወስነው፣ ጀማሪውን "ዛሬ አንተ ሞክር" የሚለው ሰውዬ ግን ብዙም አይነሳም። ኒኮ ሮዝ ሩዥ ውስጥ ያ ሰውዬ ነበር።

ቤቱ ብዙም ሳይቆይ የፓሪስ ወጣቶች መናኸሪያ ሆነ። "ሌ ፍሬር ዣክ" የተባሉት አራት ዘፋኞች የገነኑት እዚያ ነው። በኋላ ታዋቂ የፊልም ዳይሬክተር የሆነው ኢቭ ሮቤር እዚያ መድረክ ላይ ተውኔት ያዘጋጅ ነበር። በአጭሩ ሮዝ ሩዥ የምሽት ቤት ብቻ አልነበረም፤ ክፍያ የሌለው የትወና ትምህርት ቤት ነበር ብንል አላጋነንም። በነገራችን ላይ ኒኮ በ1951 ያገባት አኑክ ኤሜ ትባላለች፤ በኋላ በ1966 "አንድ ወንድና አንዲት ሴት" በተባለው ፊልም ዓለም ያወቃት ተዋናይ። ትዳሩ ሦስት ዓመት ያህል ቆየ።

አሁን ፕሮዲውሰር የሚለውን ቃል እናንሳ። እኛ አገር ፕሮዲውሰር ሲባል "ብር ያለው ሰውዬ" ማለት ይመስለናል። ከፊሉ ልክ ነው። ግን በ1950 የተሠራውን "የፍቅር ዜማ" የተባለ አጭር ፊልም ተመልከቱ። ደራሲው ዣን ዠኔ በሕይወቱ ዳይሬክት ያደረገው ብቸኛ ፊልም ነው፤ 26 ደቂቃ፣ ድምፅ የሌለው፣ ጥቁርና ነጭ። ፕሮዲውሰሩ ኒኮ ነው። ፊልሙ የሚሆነው እስር ቤት ውስጥ ነው፣ እስር ቤት ገብቶ መቅረጽ ግን አይታሰብም። ስለዚህ የእስር ቤቱ ክፍሎች ሮዝ ሩዥ ውስጥ ተሠሩ! ፕሮዲውሰር ማለት እንግዲህ ይሄ ነው። "ቦታ የለም" ሲባል ቦታ የሚፈጥር፤ ያለውን ቤት፣ ያለውን ሰው፣ ያለውን ትውውቅ ወደ ፊልም የሚቀይር።

ፊልሙ በወንድ እስረኞች መካከል ስላለ ፍቅር ስለሆነ በዚያ ዘመን ፈረንሳይ ውስጥ በአደባባይ እንዳይታይ ተከለከለ፤ ለዓመታት በድብቅ ብቻ ይዞር ነበር። ከ25 ዓመት በኋላ፣ በ1975፣ የፈረንሳይ መንግሥት የሲኒማ ተቋም ለዚሁ ፊልም ሽልማት ሲሰጥ ዠኔ ተቆጣ፣ ሽልማቱንም አልቀበልም ብሎ ለሚኒስትሩ በግልጽ ደብዳቤ ጻፈ። ፊልሙን ይዞ ወደ ተቋሙ የሄደው ኒኮ ነበርና የድሮ ወዳጆቹ ተቃቃሩ። ማን ልክ ነበር? ሁለቱም የሚከራከሩበት ነገር ነበራቸው ብለን እናምናለን። አንዱ የፈጠራው ባለቤት ነው፣ ሌላው ያለ እሱ ፊልሙ የማይኖር ሰው። ከጓደኞቻችሁ ጋር ክሊፕ የምትሠሩ ልጆች ይህን ጥያቄ በዩቲዩብ ቻናል ባለቤትነት በደንብ ታውቁታላችሁ። ቪዲዮው ከመጫኑ በፊት በወረቀት መነጋገር የሚባለው ለዚህ ነው።

ወደ ታሪኩ እንመለስ። ከ1954 እስከ 1962 ፈረንሳይ አልጄሪያ ውስጥ ጦርነት ላይ ነበረች። አልጄሪያውያን ነፃነት ጠየቁ፣ የፈረንሳይ ጦር ደግሞ እስረኞችን ያሠቃይ ነበር። ኒኮ ጦርነቱ በተፋፋመበት በ1957 ፈረንሳይን ትቶ ኒውዮርክ ገባ። በ17 ዓመቱ ወራሪ ኃይል አገሩን ሲይዝ ያየ ሰው ሌላ አገር ላይ ያው ሲደረግ ዝም ብሎ ማየት ከበደው፤ የእኛ ንባብ ይሄ ነው። የኋላ ፊልሞቹም ይህንኑ ነው የሚመሰክሩት።

ኒውዮርክ ውስጥ ጆን ካሳቬትስ ከተባለ ወጣት አሜሪካዊ ተዋናይ ጋር ተገናኘ። ካሳቬትስ "ሻዶውስ" የተባለ ፊልም ጀምሮ ነበር። ትልቅ ስቱዲዮ የለው፣ ዝነኛ ተዋናይ የለው። ሬዲዮ ላይ ቀርቦ አድማጮችን ገንዘብ ለምኖ ነው የጀመረው፤ የዛሬው "ጎፈንድሚ" መሆኑ ነው። ቀለል ባለ ካሜራ የኒውዮርክ መንገድ ላይ ቀረጸ። የመጀመሪያውን ቅጂ ሲያየው አልወደደውምና ብዙውን እንደገና መቅረጽ ፈለገ። ገንዘብ ግን አልነበረም። ኒኮ እዚህ ጋ ገባ፤ ለዳግም ቀረጻው ገንዘብ በማምጣት ከፕሮዲውሰሮቹ አንዱ ሆነ፣ ስሙም ፊልሙ ላይ አለ። በ1959 የወጣው "ሻዶውስ" ዛሬ በየፊልም ትምህርት ቤቱ የአሜሪካ ነፃ ሲኒማ መነሻ ተደርጎ ይጠቀሳል። በስልክ ፊልም እንሠራለን የምትሉ ልጆች የእናንተ ቅድመ አያት ያ ፊልም ነው።

እና አንድ ሌላ ነገር። ነጭ ላይ ትልቅ ቢጫ ሙዝ የታተመበት ቲሸርት አይታችሁ ታውቁ ይሆናል፤ ቦንዳ ውስጥም አይጠፋም። ያ ሥዕል አንዲ ዋርሆል ለአንድ የ1967 አልበም የሠራው ሽፋን ነው። አልበሙ ላይ የምትዘፍነው ጀርመናዊት ኒኮ ትባላለች። እውነተኛ ስሟ ክሪስታ ፔፍገን ነው። ሞዴል ሳለች ፎቶግራፍ አንሺው ሄርበርት ቶቢያስ "ኒኮ" ብሎ የሰየማት በእኛው ኒኮ ፓፓታኪስ ስም ነው። የአዲስ አበባ ልጅ ስም በዚህ መንገድ የሮክ ሙዚቃ ታሪክ ውስጥ ገብቶ ቀረ።

ኒኮ ራሱ ዳይሬክተር የሆነው በ44 ዓመቱ ነው። ይህን ቁጥር ያዙልን። በ22 ዓመታችን "ጊዜው አለፈ" የምንል ሰዎች አለን አይደል? እሱ ከኤክስትራነት፣ ከካባሬ አስተዳዳሪነትና ከፕሮዲውሰርነት በኋላ ነው "አሁን የራሴን" ያለው።

የመጀመሪያ ፊልሙ "ሌ ዛቢስ" ነው፤ "ጥልቆቹ" ወይም "ገደሎቹ" እንደማለት። በ1933 ለ ማን በተባለች የፈረንሳይ ከተማ ሁለት እህትማማች የቤት ሠራተኞች አሠሪያቸውንና ልጇን ገድለው ነበር፤ ፊልሙ የተነሳው ከዚያ እውነተኛ ታሪክ ነው። ሠራተኞቹን የተጫወቱትም በእውነት እህትማማቾች የሆኑት ፍራንሲንና ኮሌት ቤርዤ ናቸው። ደመወዛቸው ሳይከፈል የቆዩ ሁለት ሴቶች ቤት ውስጥ እየጮሁ፣ ዕቃ እየሰበሩ፣ እየተናነቁ... ኒኮ የአልጄሪያን ነገር በዚህ ቤት አስመስሎ ነበር የሠራው። ጌታና አገልጋይ፣ ቅኝ ገዢና ተገዢ።

ፊልሙ ካን እንዲሄድ ያደረገው የባህል ሚኒስትሩ አንድሬ ማልሮ ራሱ ነው። ሲታይ አዳራሹ ታመሰ። የተናደደው ተናደደ፤ ሳርትር፣ ሲሞን ደ ቦቯርና ዠኔ ደግሞ ለፊልሙ ወግነው ጻፉ። እኛ ይህን ስናነብ ትዝ የሚለን የፓሪስ ምሁራን ክርክር ሳይሆን የእኛው ሰፈር ነው። ከሐይቅ፣ ከውጫሌ፣ ከመርሳ ተነስተው ዓረብ አገር ሰው ቤት የገቡ እህቶች የሌሉት ቤት ስንት ነው? ደመወዙ ተከልክሎ በር የተቆለፈበት ሰው ታሪክ ለእኛ ልብ ወለድ አይደለም። ፊልሙ ግድያውን ትክክል ነው አይልም። ሰው እዚያ እስኪደርስ ድረስ ቤቱ ውስጥ ምን እንደነበረ ግን ዓይናችሁን ሳትነቅሉ እዩ ይላል።

ቀጥሎ በ1967 ግሪክ ውስጥ የቀረጸው ፊልም ስለ ድሃው እረኛ ታኖስና ስለ ባለጸጋው ልጅ ዴስፒና ነው። ዴስፒናን የተጫወተችው ኦልጋ ካርላቶስ በኋላ ባለቤቱ ሆነች። በ1976 "ግሎሪያ ሙንዲ" መጣ። አልጄሪያ ውስጥ የተሠቃየችን ሴት ለመጫወት የምትዘጋጅ ተዋናይ ታሪክ ነው፤ ስቃዩን በራሷ ላይ እስከ መሞከር ትደርሳለች። ለማየት የሚከብድ ፊልም ነው። ፈረንሳይ ያኔ ስለዚያ ጦርነት መስማት አትፈልግም ነበርና ከሲኒማ ቤቶች ቶሎ ወረደ፤ እንደገና ለሕዝብ የቀረበው ወደ 30 ዓመት ገደማ ቆይቶ ነው።

ለእናንተ አንድ ብቻ ምረጡ ብንባል ግን የምንመርጠው የ1986ቱን "ፎቶው" ነው። ታሪኩ በ1971 ይጀምራል። ግሪክ በወታደሮች አገዛዝ ሥር ናት። ኢሊያስ የተባለ ወጣት አገሩን ትቶ ፓሪስ ውስጥ ለብዙ ዓመት ወደኖረ የሩቅ ዘመዱ ይሄዳል፤ ሥራ ፍለጋ። ኪሱ ውስጥ መንገድ ላይ ያገኘው የአንዲት ዘፋኝ ፎቶ አለ። ዘመድየው ፎቶውን አይቶ "ማናት?" ሲለው ኢሊያስ "እህቴ ናት" ይላል።

በቃ። አንዲት ትንሽ ውሸት። ብቸኛው ስደተኛ ፎቶዋን ወደዳት። ላግባት አለ። ኢሊያስም እውነቱን ከመናገር ውሸቱን ማሳደግ ቀለለው፣ ምክንያቱም ከውሸቱ የሚያገኘው ጥቅም አለ። መጨረሻውን አንነግራችሁም። ግን አስቡት፤ በሌለች ሴት ፎቶ ዙሪያ የተገነባ ሕልም፣ በስደት ብቸኝነት የተራበ ሰው፣ ከአገር ቤት የሚመጣ የተቀባባ ወሬ። ይህ የተሠራው ቴሌግራምም ኢሞም ሳይኖር ነው። ጅዳ ወይም ሪያድ ያለ ወንድም በፎቶ ብቻ ሚስት ሲታጭለት፣ እዚህ ያለው ቤተሰብ ደግሞ እዚያ ያለው ልጅ ሆቴል በር ላይ የተነሳውን ፎቶ አይቶ "ሀብታም ሆነ" ሲል፣ ኒኮ ከ40 ዓመት ገደማ በፊት የቀረጸው ነገር ነው።

የመጨረሻ ፊልሙ "ሚዛን ጠባቂዎቹ" በ1991 ተሠራ። ዝነኛው ሚሼል ፒኮሊ በገመድ ላይ ተራማጅ ሊያደርገው ከሚፈልገው ወጣት ጋር የሚወዳጅ ደራሲን ይጫወታል፤ ደራሲው የዣን ዠኔ አምሳያ ነው። ወጣቱ ፍራንዝ አሊ ይባላል። ከስሙ እንደምታዩት ግማሹ ጀርመናዊ፣ ግማሹ ዓረብ ነው። ከሁለት ዘር የተወለደው ኒኮ ይህን ልጅ ከየት እንዳመጣው ለመገመት ብዙ መመራመር አያስፈልግም።

በ28 ዓመት ውስጥ አምስት ፊልም። ጥቂት ነው የሚል ይኖራል። ግን ቆጠራው የዳይሬክተርነቱን ብቻ ነው የሚያሳየው። ሮዝ ሩዥ ውስጥ መድረክ ያገኙትን፣ የዠኔን ብቸኛ ፊልም፣ የካሳቬትስን መጀመሪያ የትኛው ቁጥር ውስጥ እናስገባቸው? ፊልም ሲያልቅ የሚወርደው የስም ዝርዝር ለዚህ ነው የሚጠቅመው። እኛ ግን ገና መውረድ ሲጀምር ቪዲዮውን እንዘጋዋለን።

ኢትዮጵያዊ ነው ወይስ ግሪካዊ ወይስ ፈረንሳዊ የሚለው ክርክር ኮሜንት ላይ እንደሚነሳ እናውቃለን። በእኛ በኩል፣ እናቱ ኢትዮጵያዊት የሆነች፣ አዲስ አበባ የተወለደ፣ በ17 ዓመቱ ለዚህች አገር ጠመንጃ ያነሳ ሰው "የእኛም" ለመባል ሌላ ወረቀት አያስፈልገውም። "የእኛ ብቻ" ማለት ግን አንችልም። ግሪኮቹም ፈረንሳዮቹም ድርሻ አላቸው።

ኒኮ በ2003 የሕይወት ታሪኩን በፈረንሳይኛ አሳትሟል፤ ርዕሱ በአማርኛ ሲመለስ "ተስፋ መቁረጥ ሁሉ ተፈቅዷል" እንደማለት ነው። ወደ አማርኛ የሚመልሰው ሰው ብናገኝ የመጀመሪያ አንባቢዎቹ እኛ ነን። ታኅሣሥ 2010 ፓሪስ ውስጥ በ92 ዓመቱ አረፈ።

ፊልሞቹን መፈለግ ለምትፈልጉ፦ "ኒኮ" ብቻ ብላችሁ ብትጽፉ የምትመጣላችሁ ዘፋኟ ናት። የአባቱን ስም ጨምሩ። ከፈረንሳይኛ ይልቅ በግሪክኛ አጻጻፍ "ኒኮስ" ብላችሁ ብትሞክሩ ደግሞ ሌላ ውጤት ይመጣል። ጀማሪ ከሆናችሁ በ"ግሎሪያ ሙንዲ" አትጀምሩ፤ "ፎቶው" ይቅደም። ኔትወርኩ ደህና ከሆነ ማለታችን ነው።